«ገብቶኛል» ከማለታችሁ በፊት

ውድ ልጆቼ፣

በሥነ ልቦና አማካሪነት ሥራዬ መጀመሪያ ላይ፣ የሰውን ሆድ ከፊቱ አነባለሁ ብዬ በምመካበት ዘመን፣ አንድ ወጣት ሊያማክረኝ ይመጣ ነበር። በተናገርኩ ቁጥር ፊቱን ወደ ግድግዳው ስለሚያዞር ንቆኛል ብዬ ደመደምኩ፤ በማስታወሻዬም ላይ «ለመረዳት ፈቃደኛ አይደለም» ብዬ ጻፍኩ። በአራተኛው ቀጠሮ ትዕግሥቴ አልቆ ምክንያቱን ብጠይቀው፣ «ይቅርታ ያድርጉልኝ፣ አንዱ ጆሮዬ አይሰማም፤ ድምፅዎን በደህናው ለመያዝ ብዬ ነው» አለኝ። የሸሸኝ የመሰለኝ ፊት ለካ እኔኑ ለመስማት የዞረ ኖሯል።

ሐይንዝ ቪመር እና ዮሴፍ ፐርነር የተባሉ ተመራማሪዎች እ.ኤ.አ. በ1983 ባሳተሙት ጥናት ለሕፃናት ይህን ታሪክ ነገሩ፦ ማክሲ የሚባል ልጅ ቸኮላቱን ቁም ሣጥን ውስጥ አስቀምጦ ይወጣል፤ እሱ በሌለበት እናቱ ወደ ሌላ ቁም ሣጥን ታዛውረዋለች። ሲመለስ የት ይፈልገዋል? የ3 ዓመት ልጆች ብዙውን ጊዜ አሁን ያለበትን ቦታ ያመለክታሉ፤ እነሱ የሚያውቁትን ማክሲም የሚያውቅ ይመስላቸዋልና። ከ4 ዓመት ዕድሜ ጀምሮ አብዛኞቹ ልጆች ይህን ስሕተት እየተዉት ይሄዳሉ ይባላል። እኔ ግን፣ በራሴም እንዳየሁት፣ ስሕተቱ ይደበቃል እንጂ አይጠፋም ባይ ነኝ።

ኤልሳቤጥ ኒውተን እ.ኤ.አ. በ1990 በስታንፎርድ ዩኒቨርሲቲ ባቀረበችው ጥናት፣ አዋቂዎች የታወቁ ዘፈኖችን ምት በጣታቸው ጠረጴዛ ላይ እየመቱ ለሌሎች አሰሙ። መቺዎቹ አድማጮቻቸው ግማሹን እንደሚለዩት ገምተው ነበር፤ ከ120 ዘፈኖች የተለዩት ግን 3 ብቻ ነበሩ። ለመቺው ዜማው በውስጡ ይሰማዋል፤ ለአድማጩ የሚደርሰው ኳኳታ ብቻ ነው። ባልና ሚስት ተኳርፈው ፊቴ ሲቀመጡ፣ አንደኛው «ስንት ጊዜ ነግሬሃለሁ» ሌላው «መቼ ነገርሽኝ» ሲባባሉ ይህ ጥናት ትዝ ይለኛል።

«እኔ በእሷ ቦታ ብሆን» ብላችሁ ማሰባችሁ ደግነት ነው፤ ዳሩ ግን እዚያ ቦታ ላይ የምታስቀምጡት ራሳችሁን ነው። ታል ኢያል፣ ሜሪ ስቴፈል እና ኒኮላስ ኤፕሊ እ.ኤ.አ. በ2018 ይፋ ባደረጓቸው 25 ሙከራዎች፣ እንዲህ ያለው ማሰብ ግምትን ይበልጥ ትክክል እንደማያደርግ፣ ሰውየውን ማነጋገር ግን እንደሚረዳ አሳይተዋል።

ስለዚህ ጠይቁ። «ተቆጥተሃል አይደል?» ጥያቄ አይደለም፤ የራሳችሁን መልስ በሰው አፍ ማስገባት ነው። «ያን ጊዜ ምን ተሰማህ?» በሉና ዝም በሉ፤ ዝምታው ቢረዝምባችሁም አትሙሉት። የሰማችሁትን በራሳችሁ ቃል መልሳችሁ ንገሩት፣ ቢያርማችሁም አይክፋችሁ። «አላውቅም» ብሎ ከመለሰላችሁ ደግሞ ደበቀኝ አትበሉ፤ ሰው የራሱ ስሜት ገና ያልተገለጠለት ጊዜ አለና፣ በሌላ ቀን ተመልሳችሁ ጠይቁት።