ሳሙኤል ሆር ማን ነበር?

ውድ ጠያቂ፣ «የሆርና የላቫል ስምምነት ሲባል ላቫል የፈረንሳይ ጠቅላይ ሚኒስትር እንደነበረ አውቃለሁ፤ ሆር ግን ማን ነው? በጣሊያን ገንዘብ ተገዝቶ አገራችንን ሸጠ የሚባለውስ እውነት ነው?» ብለው ለጠየቁት እንደ አንድ የታሪክ መምህር ልመልስ። ከዓመታት በፊት አንዲት የ12ኛ ክፍል ተማሪ ይህንኑ ጠይቃኝ መልስ አጥቻለሁ። በየዓመቱ ሰሌዳው ላይ የምጽፈው «ሆር እና ላቫል፣ 1928 ዓ.ም.» የሚል አንድ መስመር ብቻ ነበር። «ነገ እነግርሻለሁ» ብዬ ከክፍል ወጣሁ፤ ያ ነገ ግን ሁለት ክረምት የፈጀ ንባብ ሆነ። (ከዚህ በታች ዓ.ም. ያላልኩበት ዘመን ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።)

በጣሊያን ወረራ ጊዜ የኢትዮጵያን መሬት ቆርሶ ለጣሊያን ለመስጠት ከላቫል ጋር የተስማማው የእንግሊዝ የውጭ ጉዳይ ሚኒስትር ሆር በ1880 ለንደን ውስጥ ከባለ ባንክ ቤተሰብ ተወለደ። በ1787 የባሪያ ንግድን ለማስቀረት በለንደን የተቋቋመውን ኮሚቴ ከመሠረቱት ሰዎች አንዱ የዚሁ ቤተሰብ አባልና የስሙ ሞክሼ ነበር። ሀሮው ትምህርት ቤትና ኦክስፎርድ ተምሮ በጥር 1910 በወግ አጥባቂው ፓርቲ ስም የቼልሲ ተወካይ ሆኖ ፓርላማ ገባ፤ ወንበሩንም እስከ 1944 አልለቀቀም።

ስለ ገንዘቡ የጠየቁትን የሚመልሰው በአንደኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ የሠራው ሥራ ነው። ሆር ሩሲያኛ አጥንቶ በ1916 በፔትሮግራድ የእንግሊዝን የስለላ ቡድን መራ፤ በ1917 ደግሞ ለተመሳሳይ ሥራ ወደ ሮም ተዛወረ። ያን ጊዜ ጣሊያን ከጦርነቱ እንዳትወጣ የሚሰብክ ጋዜጣ የሚያዘጋጅ አንድ ሰው በሆር ቢሮ በኩል በሳምንት 100 ፓውንድ ይከፈለው ነበር። ሰውየው ቤኒቶ ሙሶሊኒ ነው። እንግዲህ ገንዘቡ የሄደው እኛ ስንተርከው ከኖርነው በተቃራኒ ከሆር ወደ ሙሶሊኒ ነበር። በ1935 ሆር ጉቦ ተቀበለ የሚል ማስረጃ ፈልጌ አላገኘሁም፤ ስለዚህ ይህን ለተማሪዎቼ ማስተማር ትቻለሁ።

በ1920ዎቹ የአየር ኃይል ሚኒስትር ሆኖ በ1926 መጨረሻ ከእንግሊዝ እስከ ዴልሂ በአውሮፕላን መጓዙ በጊዜው ትልቅ ወሬ ነበር። ሰውየውን የሠራው ግን ከ1931 እስከ 1935 የያዘው የሕንድ ጉዳይ ሚኒስትርነት ይመስለኛል። የ1935ቱን የሕንድ አስተዳደር ሕግ አንቀጽ በአንቀጽ እየተከራከረ ያሳለፈው እሱ ነው። ከፓርቲው ውስጥ ቸርችል አምርሮ ተቃወመው፤ እንዲያውም ለፓርላማ ኮሚቴ የቀረበን ምስክርነት አስቀይሯል ብሎ ከሰሰው፣ ኮሚቴውም ሆርን ነጻ አወጣው። ከዚህ ትግል ሲወጣ አንድ እምነት ይዞ የወጣ ይመስላል፦ ለዚህኛውም ጥቂት፣ ለዚያኛውም ጥቂት ተሰጥቶ በጥሩ አንቀጽ ከተጻፈ የማይታረቅ ጠብ የለም የሚል። በእኔ አመለካከት ኢትዮጵያን የጎዳት ይህ እምነት ነው።

በሰኔ 1935 የውጭ ጉዳይ ሚኒስትር ሆነ። መስከረም 11 ቀን 1935 በጄኔቭ በመንግሥታት ማኅበር ጉባኤ ቆሞ እንግሊዝ ያለ በደል የሚፈጸምን ወረራ ከሌሎች አባላት ጋር ሆና በጽናት እንደምትቋቋም ሲናገር አዳራሹ በጭብጨባ ተናጋ። በእኛ ቀን ጳጉሜ 6 ቀን 1927 ዓ.ም.፣ የዘመን መለወጫ ዋዜማ ነበር። ጉባኤተኛው ያላወቀው ግን ከንግግሩ በፊት በነበረው ቀን ሆርና ላቫል ተገናኝተው በጣሊያን ላይ የጦር እርምጃ እንደማይወሰድ፣ የስዊዝ ቦይም እንደማይዘጋ ተስማምተው ማደራቸውን ነው።

መስከረም 22 ቀን 1928 ዓ.ም. የጣሊያን ጦር መረብን ተሻገረ። በኅዳር የተካሄደውን የእንግሊዝ ምርጫ የሆር መንግሥት ያሸነፈው ለመንግሥታት ማኅበር ታማኝ እሆናለሁ ብሎ ነው። ኅዳር 26 ቀን 1928 ዓ.ም.፣ ንጉሠ ነገሥቱ ደሴ ሳሉ፣ ከተማይቱ በአውሮፕላን ተደበደበች፤ ሆስፒታሉም ተመታ። በማግሥቱ ደግሞ ሆር ለዕረፍት ወደ ስዊዘርላንድ ሲያልፍ ፓሪስ ላይ ከላቫል ጋር ተቀመጠ፤ በኅዳር 28 ሰነዱ አለቀ። በሰነዱ መሠረት ምሥራቅ ትግራይ፣ የደናክልና የኦጋዴን ክፍሎች ለጣሊያን ይሰጣሉ፣ ሰፊው ደቡብ የጣሊያን ሰፋሪዎችና ነጋዴዎች ብቸኛ ክልል ይሆናል፣ አክሱም ለኢትዮጵያ ይመለሳል፣ ለካሣም በአሰብ በኩል የባሕር መውጫ ይሰጣል። በመውጫውም ላይ የባቡር ሐዲድ መዘርጋት ሊከለከል መታሰቡ ሲሰማ የለንደኑ ታይምስ ጋዜጣ «የግመል መተላለፊያ» ብሎ ተሳለቀበት። ባለ አገሩን የጠየቀ አልነበረም። ከባለቤቱ ያወቀ ቡዳ ነው የሚለው ተረታችን ለዚህ የተባለ ይመስላል።

ምስጢሩ በፈረንሳይ ጋዜጦች ወዲያው ወጣ። የእንግሊዝ ሕዝብ በቁጣ ተነሣ፤ ከጥቂት ሳምንት በፊት የመረጣቸው ሰዎች ቃላቸውን ሲበሉ ስላያቸው ነው። ካቢኔው መጀመሪያ ሰነዱን ተቀብሎ ነበር፤ ቁጣው ሲበረታ ግን ሆርን ብቻውን አሳልፎ ሰጠው። እሱ በዚያው ሳምንት ስዊዘርላንድ ላይ በበረዶ ሲንሸራተት ወድቆ አፍንጫው ተሰብሮ ነበር። ታኅሣሥ 8 ቀን 1928 ዓ.ም. ሥልጣኑን ለቀቀ፣ በማግሥቱ ለፓርላማ ባደረገው ንግግርም ከእንግሊዝ በቀር አንዲት መርከብ ያንቀሳቀሰ የማኅበሩ አባል የለም ብሎ ራሱን ተከላከለ። ይህ ክርክሩ ሐሰት አይደለም። ነገር ግን ሌሎች አለመዋጋታቸው የሰውን አገር ለመቁረስ ሥልጣን አይሰጥም፤ «ሸጠ» የሚለውን ቃል ብነቅፍም በደሉን አላቀልለትም።

«ከዚያስ ምን ደረሰበት?» ለሚለው፣ ብዙም አልተጎዳም። በ1936 አጋማሽ የባሕር ኃይል ሚኒስትር፣ በ1937 የአገር ውስጥ ጉዳይ ሚኒስትር ሆነ። የኅዳር 1938ን ነገር ሳነብ መጽሐፉን ለጥቂት ጊዜ ዘግቼ ተቀምጫለሁ። በወሩ 16ኛ ቀን እሱ ያለበት መንግሥት የጣሊያንን ንጉሥ የኢትዮጵያ ንጉሠ ነገሥት ብሎ አወቀ፤ ከአምስት ቀን በኋላ ይኸው ሰው ከናዚ ለሚሸሹ ሕፃናት በሩ እንዲከፈት በፓርላማ ተናገረ፣ በዚያም መንገድ 10,000 ገደማ ሕፃናት፣ አብዛኞቹ አይሁድ፣ ተረፉ። ከ1940 እስከ 1944 በስፔን አምባሳደር ነበር፤ በኋላም የቴምፕልዉድ ቫይካውንት ተብሎ በላይኛው ምክር ቤት የሞት ቅጣት እንዲቀር ተሟገተ። በ1954 ባሳተመው ማስታወሻም የፓሪሱን ሰነድ ከመከላከል አልተመለሰም። በ1959 ሞተ።

ዛሬ ሰሌዳው ላይ የምጽፈው «ጳጉሜ 6» እና «ኅዳር 28» ብዬ ነው፤ በመካከላቸው ያሉትን 88 ቀናት ተማሪዎቹ ራሳቸው ይቆጥራሉ።