«10 በ10» ያለው ሻምበል

ጥያቄ፦ ስለ ክሪኬት እምብዛም አላውቅም። ሰሞኑን አንድ ጓደኛዬ ሄድሊ ቬሪቲ ስለሚባል እንግሊዛዊ አጫወተኝ። «10 ነጥብ ብቻ ሰጥቶ 10 ሰው አስወጣ፣ በኋላ ጦርነት ላይ ሞተ» አለኝ። ይሄ 10 በ10 ምን ማለት ነው? ደግሞስ እንደዚህ የታወቀ ሰው እንዴት ግንባር ድረስ ሄደ?

መልስ፦ መጀመሪያ ቁጥሩን እንፍታው። በክሪኬት አንድ ቡድን 11 ሰው አለው። መቺዎቹ (ኳሱን በዱላ የሚመቱት) የሚገቡት ሁለት ሁለት ሆነው ስለሆነ 10ሩ ከወጡ የቀረው አንዱ ጓደኛ የለውም፣ ተራው እዚያው ያበቃል። ብዙ ጊዜ አስሩን የተቃራኒው ቡድን ሦስት አራት ኳስ ወርዋሪዎች ተከፋፍለው ነው የሚያስወጧቸው። ቬሪቲ ግን ለዮርክሻየር ቡድን ሲጫወት፣ ጁላይ 12 ቀን 1932 (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆች ናቸው) ሊድስ ውስጥ ሄዲንግሊ ሜዳ ላይ የኖቲንግሃምሻየርን አስሩንም ብቻውን ጠረጋቸው። በእሱ ኳስ ያገቡት ነጥብ 10 ብቻ። በአንደኛ ደረጃ ክሪኬት (ብዙ ቀን በሚፈጀው ከፍተኛው የጨዋታ ደረጃ) ይሄን ሪከርድ ዛሬም የነካው የለም።

የሚገርመው አጀማመሩ ነው። እስከ ምሳ ሰዓት ድረስ ኖቲንግሃሞች አንድም ሰው ሳይወጣባቸው 38 ነጥብ ይዘው ነበር። በዚያ ዘመን ሜዳው በዝናብ ጊዜ አይሸፈንም፤ የረጠበው መሬት ፀሐይ እየመታው ሲደርቅ ኳሱ መሬቱን ነክሶ ወዳልታሰበ አቅጣጫ ይጠመዘዛል። ቬሪቲ ደግሞ ቀስ ብሎ እያሽከረከረ የሚወረውር ግራኝ ነው፣ እንዲህ ያለ መሬት ማለት ለሱ ሠርግና ምላሽ ነው። ከምሳ በኋላ ቡድኑ በጠቅላላ 67 ላይ አለቀ።

የአንድ ቀን ዕድል ነው እንዳይባል፣ በ1934 ለንደን ሎርድስ ሜዳ ላይ ከአውስትራሊያ ጋር ሲጫወቱ በአንድ ጨዋታ 15 ሰው አስወጥቷል፣ 14ቱን በአንድ ቀን። ያንን አስቸጋሪ የአውስትራሊያ መቺ ብራድማንን ደግሞ በቴስት (በአገሮች መካከል በሚደረግ) ጨዋታ 8 ጊዜ አስወጥቶታል። ከሱ በላይ ያስወጣው ወርዋሪ የለም። እኔ ከ10 በ10 ይልቅ በዚህ ነው የምደነቀው፣ ምክንያቱም ብራድማን ላይ ዝናብ ብቻውን አይበቃም።

ግንባር ድረስ እንዴት ሄደ ለሚለው ደግሞ፣ ወዶና አስቦበት ነው የሄደው። ጦርነቱ ሳይጀመር፣ በ1938፣ አንድ የጦር መኮንን ዘንድ ሄዶ የውትድርና መጻሕፍት ተውሶ ማንበብ ጀምሮ ነበር። የመጨረሻ ጨዋታው ሴፕቴምበር 1 ቀን 1939 ነው፣ ጀርመን ፖላንድን በወረረችበት ዕለት። በሆቭ ከተማ ሰሴክስን ገጥመው 9 ነጥብ ብቻ ሰጥቶ 7 ሰው አስወጣ፣ ሰሴክስ በ33 አለቀ። ከዚያ ዮርክሻየሮች አውቶቡስ ተሳፍረው ወደ አገራቸው። ያ ቡድን ዳግመኛ አብሮ አልተጫወተም።

ቬሪቲ ግሪን ሃዋርድስ ከሚባለው የዮርክሻየር እግረኛ ጦር ጋር ተቀላቅሎ ሻምበል ሆነ። ጁላይ 1943 ሲሲሊ ውስጥ፣ በካታኒያ ለጥ ያለ ሜዳ፣ ሌሊት ወታደሮቹን እየመራ ጀርመኖች ወደያዙት አንድ የገበሬ ቤት ሲጠጋ ለአጨዳ የደረሰው የእህል ማሳ በተኩሱ ተቀጣጠለ። እዚያ ደረቱን ተመታ። ወድቆም ለወታደሮቹ የሚነግራቸው ወደፊት እንዲቀጥሉ ነበር። ጦሩ ሲያፈገፍግ እሱ መነሳት ስላልቻለ ጀርመኖች ማረኩት፣ የግል ረዳቱ የነበረው ወታደር ጥሎት አልሄደም። ከደሴቲቱ ወደ ዋናው የጣሊያን ምድር ተወስዶ ካዜርታ ላይ ቢታከምም ጁላይ 31 ሞተ፣ በ38 ዓመቱ።

38 ለፈጣን ወርዋሪ ሽምግልና ነው። ለሱ ዓይነቱ ግን ገና ነው፤ በዮርክሻየር ከሱ በፊት ቦታውን ይዞ የነበረው ዊልፍሬድ ሮድስ እስከ 52 ዓመቱ ወርውሯል። መቃብሩን ማየት ለሚፈልግ፣ እዚያው ካዜርታ የጦር መካነ መቃብር ውስጥ ነው።