«አደይ» የሚለው ስም ለክርስቲያን ልጅ ይገባልን?

ጥያቄ፦ ሰላመ እግዚአብሔር ከእርስዎ ጋር ይሁን፣ መምህር። መስከረም 2 ቀን ሴት ልጅ ወልጄ አራስ ቤት ነኝ። ባለቤቴ መጀመሪያ «ሊሊ» እንድትባል ፈልጎ ነበር፤ በኋላ ግን የአበባ ስም ከሆነ አይቀር የአገራችን አበባ ይሁን ብለን «አደይ» አልናት። እናቴ የጻድቃንን ስም ትቶ የሜዳ አበባ ስም ማውጣት ዘመን አመጣሽ ነገር ነው ብላ አልተቀበለችውም። አንዲት ጎረቤታችን ደግሞ አደይ በመስከረም ታይቶ ወዲያው የሚጠፋ በመሆኑ ለልጅ ዕድሜ ጥሩ አይደለም፣ «ስምን መልአክ ያወጣዋል»፣ ስለዚህ ስሟን ከእኔ ስም ጋር አስቆጥሪ አለችኝ። እኔ ስሙን በጣም ወድጄዋለሁ፤ ልቤ ግን አላረፈም። ቤተ ክርስቲያን ስለዚህ ምን ታስተምራለች? አደይ ተብላስ መጠመቅ ትችላለች?

መልስ፦ እኅታችን፣ እንኳን ማርያም ማረችዎት፤ ልጅዎንም በጸጋ ያሳድግልዎ። በጥያቄዎ ውስጥ የሦስት ሰዎች ሐሳብ ስላለ ለእርስዎ፣ ለእናትዎና ለጎረቤትዎ የሚሰጠው መልስ አንድ ዓይነት አይሆንም። የእርስዎን ላስቀድም፦ አደይ የሚለው ስም ነውር የለበትም። ልጅዎ በዚህ ስም ብትጠራ ሃይማኖቷን የሚነካ ወይም ከጸጋ የሚያጎድላት ነገር የለም። ስትጠመቅ ግን ካህኑ ሌላ ስም ይሰጣታል፤ የእናትዎ ሥጋትም በአብዛኛው መልስ የሚያገኘው በዚሁ በሁለተኛው ስም ነው።

በቤተ ክርስቲያናችን ሥርዓት ሕፃን ሁለት ስም ይኖረዋል። አንዱ ወላጆች በደስታቸው፣ በኀዘናቸው ወይም በተስፋቸው መጠን የሚያወጡት የመጠሪያ ስም ነው። አበበ፣ አበበች፣ ደስታ፣ ተስፋዬ፣ ማንደፍሮ፣ የሺመቤት የሚሉት ሁሉ ከዚህ ወገን ናቸው፤ አያቶቻችን እነዚህን ስሞች ሲያወጡ ማንም ከሃይማኖት ወጡ አላላቸውም። ሌላው የክርስትና ስም ነው፤ ወለተ ማርያም፣ ወለተ ሚካኤል፣ አመተ ማርያም የሚባለው። ንስሐ ስትገባ፣ ካህን ጸሎት ሲያደርስላት፣ በመጨረሻም ጸሎተ ፍትሐት ሲደረግላት የምትጠራው በዚህ ስም ነው። ስለዚህ የመጠሪያ ስሟ የአበባ መሆኑ ከጻድቃንና ከቅዱሳን አንድነት አያወጣትም።

የአበባ ስም ለክርስቲያን እንግዳ ነው የሚለው አስተሳሰብም ከመጽሐፍ ቅዱስ ጋር አይስማማም። በሐዋርያት ሥራ ምዕራፍ 12 ቅዱስ ጴጥሮስ በመልአክ እጅ ከወኅኒ ወጥቶ ምእመናን ለጸሎት ወደ ተሰበሰቡበት ወደ ማርቆስ እናት ወደ ማርያም ቤት በሌሊት ሄደ። ደጁን ሲያንኳኳ ለመስማት የቀረበችው ልጅ ሮዴ ትባል ነበር፤ ይህም በግሪክኛው ጽጌረዳ ማለት ነው። ልጅቱ የጴጥሮስን ድምፅ ስታውቅ ከደስታዋ ብዛት በሩን መክፈት ረስታ ወደ ውስጥ ሮጠች። ስትነግራቸው «አብደሻል» አሏት፤ እርስዋ ግን እውነት እንደ ሆነ አስረግጣ ተናገረች። በዚያ ቤት ስለ ጴጥሮስ ሲጸልዩ ከነበሩት ሁሉ ጸሎታቸው መሰማቱን አስቀድማ ያወቀችው ይህቺ የአበባ ስም ያላት ልጅ ነበረች። ሐዋርያትም ስምሽን ለውጪ አላሏትም፤ ቅዱስ ሉቃስም ስሟን ጽፎ አስቀረልን። በብሉይ ኪዳን ደግሞ አስቴር ሀደሳ የተባለ ሌላ ስም ነበራት፤ ይህም ነጭ አበባ የሚያወጣው የባርሰነት ዛፍ ስም ነው። በሐሰት ተከሳ እግዚአብሔር በዳንኤል አፍ ነጻ ያወጣት ንጽሕት ሴት ሶስና የምትጠራውም በአበባ ስም ነው። ባለቤትዎ አስበውት የነበረው «ሊሊ» በትርጉሙ ከሶስና የሚለይ አይደለምና ያንንም ቢያወጡላት ኖሮ የምናገረው ተመሳሳይ በሆነ ነበር፤ የአገርዎን አበባ መምረጣችሁ ግን እኔንም ደስ አሰኝቶኛል።

ከሰዎች ስም ይልቅ የሚበልጠው ደግሞ ቤተ ክርስቲያን አበባን ለማን እንደ ሰጠችው ነው። ነቢዩ ኢሳይያስ በምዕራፍ 11 ከእሴይ ሥር በትር እንደምትወጣ ሲናገር፣ በግእዙ ንባብ ከእርስዋ የሚወጣው ጽጌ፣ ማለትም አበባ፣ ይባላል። አባቶቻችን በትሪቱን እመቤታችን፣ ጽጌውንም ጌታችን ብለው ተርጕመውታል። በየዓመቱ ከመስከረም 26 እስከ ኅዳር 5 የሚቆየው ወርኃ ጽጌ በሙሉ በዚህ ምሥጢር የተሞላ ነው። በሰንበት ሌሊት ማኅሌተ ጽጌ ሲቆም ሊቃውንቱ አንድ ጊዜ ልጅዋን አበባ፣ እርስዋን ያስገኘችው ተክል፣ አንድ ጊዜ ደግሞ ራስዋን እመቤታችንን አበባ እያሉ፣ ሕፃኑን ታቅፋ ወደ ግብጽ የተሰደደችበትን መንገድ እያሰቡ ያነጋሉ። የዚህ ድርሰት ደራሲ በትውፊት የሚታወቁትም አባ ጽጌ ድንግል ናቸው፤ ስማቸው ራሱ አበባን ይዟል። በቅርቡ ዘመንም በፒያኖ ድርሰቶቻቸው ዓለም ያወቃቸው፣ በ2015 ዓ.ም. በኢየሩሳሌም ያረፉት እማሆይ ጽጌ ማርያም ገብሩ፣ ወላጆቻቸው ያወጡላቸው ስም የውብዳር ሆኖ ሳለ በምንኵስና የተቀበሉት ስም የአበባ ነበር። አበባ ለልጅ የማይገባ የዓለም ጌጥ ብቻ ቢሆን ኖሮ ዓለምን ለተወች መነኵሴ ባልተሰጠ ነበር።

ይህን ስል ግን አደይና ጽጌ አንድ ናቸው ብዬ ለልጅዎ ስም ያልተሰጠ ምሥጢር ልጨምርበት አልሻም። አንዳንድ ሰባክያን በአደይ ቅጠሎች ቍጥርና በቢጫ ቀለሙ ላይ ትርጓሜ ሲደረድሩ እሰማለሁ፤ ከአባቶች ያልተቀበልነውን ትርጓሜ ከራስ አፍልቆ ማስተማር ግን መልካም አይደለም። አደይ በራሱ ያለው በቂ ነው። ማንም ሳይዘራው፣ ማንም ሳይኰተኵተው ክረምቱ ሲያልፍ ዳገቱንና ማሳው ዳር ያለውን መሬት ያለብሰዋል። የዓመቱ መጀመሪያ የቅዱስ ዮሐንስ በዓል ሲሆን ልጃገረዶች «አበባየሆሽ» እያሉ ይዘውት ይዞራሉ፤ መስከረም 16 ደመራው የሚያጌጠው በእርሱ ነው። ጌታችንም «የሜዳ አበቦች እንዴት እንዲያድጉ ልብ አድርጉ» ብሎ፣ ሰሎሞን እንኳ በክብሩ ሁሉ ከእነርሱ እንደ አንዱ እንዳልለበሰ ሲያስተምር፣ ምሳሌ ያደረገው በአጥር ግቢ የተተከለውን ሳይሆን እንዲህ ያለውን በሜዳ የሚበቅለውን ነው። በዚህ ዘመን ብዙ ወጣት ወላጆች ይህን ስም መውደዳቸው ለአፍ ስለሚቀል፣ ልጃቸው ባሕር ማዶ ብትሄድም ሰው ሳያበላሽ ስለሚጠራው ሊሆን ይችላል። እኔ ግን በክረምት ጭንቅ ያረገዘች እናት በመስከረም ስትገላገል ይህን አበባ በደጅዋ አይታ ልጅዋን በእርሱ ብትጠራ፣ ምስጋናዋን በስም ጻፈችው እላለሁ እንጂ ዘመናዊነት ነው ብዬ አልነቅፋትም። በትግርኛ ተናጋሪ ወዳጆቻችሁ ዘንድ ደግሞ አደይ ማለት «እናቴ» ማለት ነውና ልጅቱ ገና በጨቅላነቷ እናት እየተባለች ትከበራለች።

ወደ እናትዎ ስመለስ፣ ንግግራቸውን እንደ አሮጌ ሰው ወግ አይቍጠሩት። ቅዱስ ዮሐንስ አፈ ወርቅም ወላጆች ልጆቻቸውን በአያትና በቅድመ አያት ስም ከመጥራት ይልቅ በጻድቃን ስም ቢጠሯቸው እንደሚሻል መክሯል፤ እንዲህ ያለ ስም ልጁንም ቤተሰቡንም የዚያን ጻድቅ ሕይወት ያስታውሳልና። እናትዎ የሚፈሩት የልጅ ልጃቸው በአበባ መጠራትዋን ብቻ አይመስለኝም፤ የክርስትና ስሟ በምስክር ወረቀት ላይ ተጽፎ በሣጥን ተቈልፎ እንዳይቀር ነው። ይህ ፍርሃት እውነት አለው። የክርስትና ስማቸውን ስጠይቃቸው «እናቴን ልደውልና ልጠይቃት» የሚሉኝ ወጣቶች ጥቂቶች አይደሉም፤ እናቲቱ በሕይወት የሌለች እንደ ሆነ ደግሞ የሚነግራቸው አያገኙም። ስለዚህ አያቲቱን ይህን አደራ ይስጧቸው፦ በቤት ውስጥ ልጅቱን በክርስትና ስሟ እርሳቸው ይጥሩአት፣ የስሟ ቅዱስ በዓል ሲውል ወደ ቤተ ክርስቲያን ይውሰዷት። እንዲህ ከሆነ አደይ የሚለው ስም የሚያከራክራችሁ አይመስለኝም። በስም ምክንያት ዘመድ መከራከሩ ደግሞ በእናንተ አልተጀመረም፤ ቅድስት ኤልሳቤጥ ልጅዋ ዮሐንስ እንዲባል ስትናገር ጎረቤቶችና ዘመዶች «ከዘመዶችሽ በዚህ ስም የሚጠራ የለም» ብለዋት ነበር። የነገሩ ፍጻሜ የሆነው አባቱ ዘካርያስ «ስሙ ዮሐንስ ነው» ብሎ የጻፈበት ሰሌዳ ነው፤ ባለቤትዎም ከእናትዎ ጋር ተቀምጠው ይነጋገሩ።

የጎረቤትዎን ምክር ግን በግልጽ መቃወም ግድ ይለኛል። «ስምን መልአክ ያወጣዋል» የሚለው አባባል ለጨዋታ ይሁን፤ መልአክ በእርግጥ ስም ያወጣባቸው እንደ እስማኤልና እንደ ዮሐንስ ያሉት በቅዱስ መጽሐፍ ተለይተው ተጽፈዋል፤ ከዚያ ተነሥቶ ስም ሁሉ የዕድል ጽሕፈት ነው ማለት አይቻልም። በአፈ ወርቅ ዘመን አንዳንድ ክርስቲያኖች ብዙ መብራት አብርተው ለያንዳንዱ ስም ከሰጡ በኋላ ሳይጠፋ የቆየውን መብራት ስም ለሕፃኑ ያወጡለት ነበር፤ ዕድሜው እንዲረዝም ነው። ቅዱሱ ይህን አጥብቆ ገሠጸ። የእኛ ሰው የልጅንና የእናትን ስም ፊደል ደምሮ፣ በ12 ገድፎ ኮከብ መቍጠሩ ከዚያ በምን ይለያል? በዘዳግም ምዕራፍ 18 ምዋርትና አስማት ተከልክለዋል፤ ይህን የሚያደርገው ሰው ጥምጣም ቢጠመጥም፣ ዳዊት ቢደግምም ሥራው ከዚያ አይወጣም። ስለዚህ አያስቈጥሩ፤ አስቈጥረው ከሆነም ለንስሐ አባትዎ ይንገሩ።

አበባ ይረግፋልና ስሙ ዕድሜ ያሳጥራል ለሚለውም መዝሙረኛው መልሶታል፤ «ሰውስ ዘመኑ እንደ ሣር ነው፤ እንደ ዱር አበባ እንዲሁ ያብባል» ሲል አደይ ስለ ተባሉት ብቻ አልተናገረም። ልጅቱን ብረት ወይም ዓለት ብለን ብንጠራትም ዕድሜዋ በእግዚአብሔር እጅ ነው። በመጽሐፈ ዜና መዋዕል ቀዳማዊ ምዕራፍ 4 ያቤጽ የሚባል ሰው እናገኛለን፤ እናቱ በጣር ስለ ወለደችው ይህን የሥቃይ ስም አወጣችለት። እርሱ ግን እግዚአብሔር እንዲባርከውና ከክፋት እንዲጠብቀው ለመነ፤ እግዚአብሔርም የለመነውን ሰጠው፤ ከወንድሞቹም ይልቅ የተከበረ ሆነ። ክፉ ስም ይህን ሰው ካልጎዳው የመልካም አበባ ስም ልጅዎን ምን ያደርጋታል?

የቀረው የጥምቀቷ ነገር ነው። በዘሌዋውያን ምዕራፍ 12 ለሴት ልጅ በተወሰነው ቍጥርና አዳም በ40፣ ሔዋን በ80 ቀን ወደ ገነት እንደ ገቡ በሚናገረው በኩፋሌ መሠረት ሴት ልጅ የምትጠመቀው በሰማንያኛው ቀን ነው። የልደቷን ዕለት ጨምረን ከመስከረም 2 ብንቈጥር ሰማንያው የሚሞላው ኅዳር 21 ቀን፣ በጽዮን ማርያም በዓል ነው። ወርኃ ጽጌ በሙሉ እርስዎ አራስ ቤት ሳሉ ያልፋል ማለት ነው፤ ማኅሌቱን መቆም ባይችሉም በቤትዎ ይጸልዩ። የክርስትና ስሟን ከንስሐ አባትዎ ጋር ይምረጡ፤ ከበዓሉ የተነሣ ወለተ ጽዮን ቢሏት ተገቢ ነው፤ የአበባው መታሰቢያ እንዲቀርላት ከወደዱም ጽጌ ማርያም መባል ትችላለች። አደይ ብቻውን ግን ለክርስትና ስምነት አይቀርብም። በበዓሉ ዕለት ተጠማቂ ስለሚበዛ አስቀድማችሁ ለደብሩ አሳውቁ፤ የክርስትና እናቷ በሃይማኖት የጸናች፣ ራሷ የምትቈርብ ብትሆን ይመረጣል። በምስክር ወረቀቱ ላይ ሁለቱም ስሞች እንዲጻፉ ጠይቁ። ኅዳር 15 ጾመ ነቢያት ስለሚገባ ለእንግዶቻችሁ የሚዘጋጀው ማዕድ የጾም ይሁን።