ተዋናይ ለራሱ ሲጽፍ፦ ከፓውል ቬገነር ጀምሪ

«መድረክ ላይ እተውናለሁ፤ አሁን ለራሴ የፊልም ድርሰት ልጽፍ ነው። ከማን ልማር?» ብለሽ ለጠየቅሽው እህቴ፦

እኔም ከቴአትር ነው ወደ ፊልም የመጣሁት። ከመድረክ የመጣ ጸሐፊ ሁሉን ነገር በንግግር መጨረስ ይቀናዋል። ከዚህ ልማድ ያላቀቀኝ ጀርመናዊው ፓውል ቬገነር ነው። (ዓመቶቹ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።)

ቬገነር በ1874 ተወለደ። የሕግ ትምህርቱን ትቶ ተዋናይ ሆነ። ከ1906 ጀምሮ በርሊን ውስጥ በማክስ ራይንሃርት ቴአትር ቤት ሠራ። ወደ ፊልም የሳበው አንድ ሰው ከራሱ ጋር ካርታ ሲጫወት የሚያሳዩ የቀልድ ፎቶግራፎች መሆናቸውን ኋላ ላይ ራሱ ተናግሯል። ይህን መድረክ ላይ ማን ሊያሳይ ይችላል? በ1913 «የፕራግ ተማሪ» ሲሠራ የመስታወት ምስሉን የሸጠ ተማሪ ሆኖ ተጫወተ። ምስሉ ከመስታወቱ ወጥቶ ይሄዳል! ድርሰቱ የሐንስ ሃይንዝ ኤቨርስ ነው። የካሜራው ባለሙያ ጊዶ ዜበር ያንኑ የፊልም ጥቅል ሁለቴ እያነሣበት ቬገነርን ከቬገነር ጋር አገናኘው። ተዋናዩ ታዲያ ባዶ ቦታ እያየ ነበር የሚጫወተው።

እዚያው ፕራግ የጎለምን አፈ ታሪክ ሰማ። አንድ ረቢ ከሸክላ ሠርቶ ነፍስ የዘራበት ፍጡር ነው። ከሄንሪክ ጋሌን ጋር ድርሰቱን ጻፈ፤ ራሱም ጎለም ሆኖ በ1915 ተጫወተ። በ1920 ሁለቱ እንደገና ጻፉት፤ ቬገነር ከካርል ቦዘ ጋር አዘጋጀው። ጠማማዎቹን ቤቶች የነደፈው አርክቴክቱ ሐንስ ፖልዚግ ነው።

እኔ ደጋግሜ የማየው ይሄንን ነው። ለራሱ የጻፈው ሚና አፍ የለውም። ፊቱም እንደ ሸክላ የደረቀ ነው። የቀሩት ዓይኑ፣ እርምጃውና ትከሻው ብቻ ናቸው። ሆኖም አበባ ተቀብሎ ሲያሸት ልብሽን ይነካዋል። ድምፅ አልባ ፊልም ስለሆነ ነው እንዳትዪ፤ በዚያው ፊልም ሌሎቹ አፋቸውን ሲያንቀሳቅሱ ታያለሽ። በ1916 ባደረገው ንግግር የፊልም እውነተኛው ገጣሚ ካሜራው መሆን አለበት ብሎ ነበር። ጎለምን ስታዪ ይህ ከልቡ እንደነበር ይገባሻል።

የሕይወቱን ሌላውን ገጽም እወቂ። በናዚ ዘመን በመንግሥቱ ፊልሞች ውስጥ ተጫውቷል፤ በ1945 የወጣው «ኮልበርግ» አንዱ ነው። በዚያው ዓመት መስከረም፣ በርሊን ገና ፍርስራሽ ሳለች፣ በ70 ዓመቱ መድረክ ላይ ወጣ። የተጫወተው ናዚዎች ባገዱት የጀርመናዊው ደራሲ የሌሲንግ ተውኔት ውስጥ፣ አይሁዳዊውን ጠቢብ ናታንን ሆኖ ነው። በ1948 ሞተ። ይህን ሁሉ አንድ ሰው ተሸክሞት መኖሩ እስከ ዛሬ ያስጨንቀኛል።

በመጀመሪያ የ1913ቱን፣ ቀጥሎ የ1920ውን እዪ። የ1915ቱን አትፈልጊ፤ የተረፈው ቁርጥራጭ ብቻ ነው። ጎለምን ስታዪ ወረቀትና እስክሪብቶ ያዢ፤ እሱ ያለበትን ትዕይንት ሁሉ ያለ አንድ የንግግር መስመር ጽፈሽ ሞክሪው። ከዚያ የራስሽን ጀምሪ።