ከመሪው ጎን የሚቆም ተዋናይ፦ የአንባቢያን ጥያቄና መልስ

የዚህ ዙር ጥያቄዎች ከመሪ ሚና ውጭ በፊልም ስለሚሠሩ ተዋንያን ናቸው። ተመሳሳዮቹን አንድ ላይ አድርገናል፤ የረዘሙትንም አሳጥረናል። ዓመቶቹ ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው።

ጥያቄ፦ የገጸ ባሕርይ ተዋናይ የሚባለው መሪ ለመሆን ፈልጎ ያልተሳካለት ሰው ነው?

መልስ፦ አይደለም፤ ሥራው ራሱ ሌላ ነው። መሪ ተዋናይ ከፊልም ወደ ፊልም ራሱን ይዞ ይሄዳል፤ ተመልካችም ብዙውን ጊዜ የሚመጣው እሱን ብሎ ነው። የገጸ ባሕርይ ተዋናይ የሚጠራው ግን ታሪኩ አንድ የተለየ ሰው ሲያስፈልገው ነው፦ ዳኛ፣ አራጣ አበዳሪ፣ ሐሜተኛ ጎረቤት፣ ዘበኛ። አሜሪካዊው ተዋናይ ዋልተር ብሬናን በ1936፣ በ1938 እና በ1940 በወጡ ፊልሞች ሦስት የረዳት ተዋናይ ኦስካር ወስዷል። ገና በ40ዎቹ ዕድሜው ሳለ ሽማግሌ ሆኖ ይሠራ ነበር። በአደጋ ጥርሶቹን አጥቶ ስለነበር ሰው ሠራሹን ጥርስ ሲያወልቀው ፊቱም ንግግሩም ባንዴ ያረጁ ነበር።

ድንበሩም ዝግ አይደለም። ጃፓናዊው ታካሺ ሺሙራ በዳይሬክተር አኪራ ኩሮሳዋ ከ20 በላይ ፊልሞች ውስጥ አብዛኛውን ጊዜ በሌላ ሰው ታሪክ ውስጥ ቢሠራም፣ በ1952ቱ «ኢኪሩ» ፊልሙን ተሸክሞ የሄደው እሱ ነው። ሃሪ ዲን ስታንተን ደግሞ በ1984 በ«ፓሪስ፣ ቴክሳስ» መሪ ሆኖ ሲመጣ ወደ 58 ዓመቱ ተጠግቶ ነበር።

ጥያቄ፦ በአንድ ፊልም ውስጥ ሦስት ትዕይንት አለኝ፤ በጠቅላላው ሁለት ገጽ ተኩል። እንዴት ልዘጋጅ?

መልስ፦ በተለመደው የስክሪፕት አጻጻፍ አንድ ገጽ በግምት አንድ ደቂቃ ነው፤ ስለዚህ በእጅዎ ያለው ሁለት ደቂቃ ተኩል ገደማ ነው። በዚህች ጊዜ የአንድ ሰው ሙሉ ሕይወት አይነገርም። ለገጸ ባሕርዩ ሃያ ገጽ የሕይወት ታሪክ ጽፎ መምጣትም በእኛ እይታ በአብዛኛው ከንቱ ድካም ነው። ይልቅስ ስክሪፕቱን ከዳር እስከ ዳር ያንብቡ። በመጀመሪያው ንባብ የራስዎን ቃለ ተውኔት አያስምሩ። በሁለተኛው፣ እርስዎ በሌሉበት ሌሎች ስለ ገጸ ባሕርይዎ የሚሉትን ይልቀሙ። በሦስተኛው አንድ ነገር ብቻ ይፈልጉ፦ ይህ ሰው ገብቶ ሲወጣ ምን ተለወጠ? መሪው ጥርጣሬ ካደረበት፣ ገንዘብ ካጣ ወይም አድራሻ ካገኘ፣ የእርስዎ ሥራ ያ ነው፤ ሌላው ጌጥ ነው።

ፊልም አብዛኛውን ጊዜ በታሪኩ ቅደም ተከተል አይቀረጽም። የመጨረሻው ትዕይንትዎ በመጀመሪያው ቀን ሊቀረጽ ይችላል። ለእያንዳንዱ ትዕይንት በታሪኩ ስንተኛ ቀን እንደሆነ፣ ሰውየው ከየት እንደመጣ፣ እስከዚያ ሰዓት ምን እንደሚያውቅ፣ ልብሱና ሰውነቱ በምን ሁኔታ ላይ እንዳሉ በአንድ ወረቀት ላይ ይጻፉ። ይህ ካልተደረገ ተዋናዩ ገና ያልሰማውን ዜና እንደሰማ ሰው ሆኖ ይገባል፤ ወይም ትናንት የተመታበትን እጅ ዛሬ እንደ ጤነኛ ያወዛውዛል።

ቃለ ተውኔቱን ያለ ስሜትና ያለ ዜማ ያጥኑ። በአንድ ዜማ የተጠና ዓረፍተ ነገር፣ ዳይሬክተሩ «ሳትቆጣ በለው» ሲል አልላቀቅ ይላል። መጠናቱን ለማወቅ ልብስ እያጠፉ ወይም ዕቃ እያጠቡ ይበሉት፤ እጅዎ ከቆመ ገና አልያዙትም።

አካላዊ ምልክት ደግሞ አንድ ይበቃል። ማንከስ፣ መነጽር፣ ሳልና የተለወጠ ድምፅ በአንዲት አጭር ሚና ላይ ከተደራረቡ ተመልካች ሰውየውን ትቶ ምልክቶቹን ይቆጥራል። የመረጡትም በቀረጻው አሥረኛ ሰዓት ላይ ሳይዛነፍ ሊደግሙት የሚችሉት ይሁን።

ጥያቄ፦ ጥሩ የሠራሁበት ቴክ (የአንድ ጊዜ ቀረጻ) «አይገጥምም» ተብሎ ተጣለ። ምን አጠፋሁ?

መልስ፦ በትንንሽ ሚናዎች ላይ ብዙ ጊዜ የሚደርስ ጉዳት ይህ ነው፤ የሚያስቆጨውም ከችሎታ ጋር ስለማይገናኝ ነው። አንድ ትዕይንት አብዛኛውን ጊዜ መጀመሪያ ሁሉም ሰው በሚታይበት ሰፊ ቀረጻ ይወሰዳል። ከዚያ ካሜራው ቦታና ሌንስ እየቀየረ ወደ እያንዳንዱ ሰው ይቀርባል፤ ትዕይንቱም በየቦታው ከመጀመሪያው ይደገማል። ኤዲተሩ ከአንዱ ወደ ሌላው ሲቆርጥ በሰፊው ቀረጻ ብርጭቆው በቀኝ እጅ፣ በቅርቡ ቀረጻ በግራ ከሆነ ቁርጡ ያስታውቃል። የኤዲተሩ መፍትሔ ቀላል ነው፤ የእርስዎን ፊት ትቶ የሌላውን ሰው ፊት ያሳያል።

መድኃኒቱ እንቅስቃሴን ከቃል ጋር ማሰር ነው። ብርጭቆውን «ትናንት» በሚለው ቃል ላይ ያንሱ፣ ዓረፍተ ነገሩ ሲያልቅ ያስቀምጡ፣ ከዚያ እጅዎን ያሳርፉ። በሰፊው ቀረጻ ላይ የሚያደርጉትን ሁሉ ቀኑን ሙሉ ሊደግሙት ነውና ያሳንሱት። በተለይ ምግብ! በመጀመሪያው ቴክ በትልቁ የጎረሰ ሰው በአሥራ አምስተኛውም በትልቁ መጉረስ ግዴታው ነው። ትንሽ ይቁረሱ፤ «ከት» ሲባል የሚተፉበት ዕቃ አጠገብዎ ይኑር። የስክሪፕት ሱፐርቫይዘሩ የትኛው እጅ፣ በየትኛው ቃል ላይ እንደነበር ይመዘግባልና ከመገመት እሱን ይጠይቁ።

ድምፅም እንዲሁ ነው። ካሜራው ቅርብ ሆኖ አንድን ሰው ብቻ ሲቀርጽ ንግግር አያደራርቡ። የእርስዎ ድምፅ በእሱ ቃል ላይ ከወደቀ ሁለቱን መለየት አይቻልም። መደራረቡ የተፈለገ ከሆነ ዳይሬክተሩና የድምፅ ባለሙያው አስቀድመው ይስማሙበት።

ጥያቄ፦ በቅርብ ቀረጻ ላይ «ፊትህ በዛ» እባላለሁ። በመድረክ ግን የሚመሰገነው ይኸው ነው።

መልስ፦ ከመቅረጽዎ በፊት ካሜራማኑን «ፍሬሙ (የምስሉ ዳር) የት ይቆርጠኛል?» ብለው ይጠይቁ፤ ነውር የለውም። ወገብ ላይ ከሆነ እጅዎ ይሠራል። አገጭ ላይ ከሆነ በመድረክ የማይታየው የዓይን ሽፋን ንቅናቄ እዚህ ትልቅ ነገር ነው፤ ራስዎን በፍጥነት ካዞሩም ከፍሬም ወይም ከፎከስ (ምስሉ ጥርት ከሚልበት ቦታ) ይወጣሉ። ከሚያነጋግሩት ሰው ሁለት ዓይኖች መካከል ለካሜራው የቀረበውን አንዱን ብቻ ይመልከቱ። ከአንዱ ወደ ሌላው መመላለስ በትልቅ ስክሪን ላይ መቅበዝበዝ ይመስላል፣ ገጸ ባሕርዩ የሚዋሽ ሰው ካልሆነ በስተቀር።

የሚቆሙበትን ቦታ ለማሳየት መሬት ላይ የተለጠፈልዎት ምልክት ጋ ለመድረስ ደግሞ አያቀርቅሩ። ከምልክቱ ተነሥተው እስከ መነሻዎ ወደ ኋላ እየሄዱ እርምጃዎን ይቁጠሩ፤ ሲቀረጹ በዚያው ቁጥር ይመለሳሉ።

ጥያቄ፦ ሁልጊዜ የምጠራው ለወንበዴ ሚና ነው። እንዴት ልውጣ?

መልስ፦ ለመውጣት አይቸኩሉ። አንድ ዳይሬክተር ወንበዴ ሲያስፈልገው ፊትዎ ቀድሞ ትዝ ማለቱ የሥራ ዋስትና ነው። ጉዳቱም ግን እውነት ነው፤ ፒተር ሎሬ በ1931 በጀርመን የገዳይ ሚና ከተጫወተ በኋላ አስፈሪ ሰው ሆኖ መጠራት ዕድሜውን ሙሉ ተከትሎታል። ሰፊው መንገድ በዚያው በር ገብቶ ማስፋት ነው፦ የሚፈራ ወንበዴ፣ ሒሳብ የሚወድ ወንበዴ፣ ጨዋ አነጋገር ያለው ወንበዴ። የማሳያ ቪዲዮዎን ከሁለት ደቂቃ አያሳልፉ። ሁሉም የሚያውቀውን ፊትዎን ትተው ባልተጠበቀው ሚና ይጀምሩት። ያ ሚና ከሌለዎት በአጭር ፊልም ይሥሩት። ሙዚቃ የተለጠፈበት የፎቶና የቁርጥራጭ ድሪቶ ተዋናይ መልማዩን አይጠቅመውም፤ እሱ ሊያይ የሚፈልገው ሲናገሩና ሲያዳምጡ ነው።

ጥያቄ፦ 47 ዓመቴ ነው። ረፍዷል?

መልስ፦ ለዚህ ሥራ አልረፈደም። ሲድኒ ግሪንስትሪት በ1941 የመጀመሪያ ፊልሙን ሲሠራ ከ60 ዓመት በላይ ነበር፤ በዚያው ፊልም ለኦስካር ታጭቷል። ከዚያ በፊት ግን በመድረክ ላይ ረጅም ዘመን አሳልፏል፤ ይቺን አይዝለሏት።

ጥያቄ፦ ውል ስፈርም ክፍያውን ብቻ ነው የማየው። ሌላ ምን ልይ?

መልስ፦ ክፍያው በቀን ነው ወይስ በጠቅላላ? ቀረጻው ቢራዘም የተጨማሪው ሰዓት ሒሳብ ምንድን ነው? ያልተቀረጹበት ግን «ተጠባበቅ» የተባሉበት ቀን ይከፈላል? ድጋሚ ቀረጻና በስቱዲዮ ድምፅ መሙላት በዋናው ክፍያ ውስጥ ናቸው ወይስ ለብቻቸው? ስምዎ በፊልሙ ላይ እንዴትና የት ይጻፋል? ፊልሙ በቴሌቪዥን ወይም በኢንተርኔት ዳግም ሲሸጥ ድርሻ አለዎት? እነዚህ በቃል ተስፋ ሳይሆን በጽሑፍ ይግቡ። ቀረጻው አልቋል ብለውም ወዲያው ፀጉርዎን ወይም ጢምዎን አይቁረጡ፤ ድጋሚ ቀረጻ እንደሌለ ከአዘጋጆቹ ያረጋግጡ።

ጥያቄ፦ የሠራሁት ትዕይንት ተቆርጦ ቢወጣስ?

መልስ፦ ይህ የተለመደ ነገር ነው፤ አብዛኛውን ጊዜም ምክንያቱ የትወና ድክመት አይደለም። ፊልሙ ይረዝማል፤ ቢወጡ ታሪኩ የማይጎድልባቸው ትዕይንቶች ቀድመው ይቆረጣሉ። የሠሩበት ክፍያ በውሉ መሠረት የእርስዎ ነው። ለማሳያ ቪዲዮዎ የሚሆን ቅጂ እንዲሰጥዎ ዳይሬክተሩን በትሕትና ይጠይቁ፤ ፊልሙ ለሕዝብ ከመውጣቱ በፊት ግን የትም አይለጥፉት። ዘመድ ወዳጅ ለምርቃቱ ከመጥራትዎ በፊትም በመጨረሻው ቅጂ ውስጥ መኖርዎን አንድ ስልክ ደውለው ያጣሩ።