ጊዜን ማየት ለምትፈልጉ ልጆች

ባሕር ዳር፣ ቤዛዊት ኮረብታ ላይ የጊዜን ፍሰት የሚያጠና መመልከቻ ጣቢያ ተሠራ እንበል። ከታች ዓባይ፣ ወዲያ ደግሞ ጣና። እንዲህ ያለ ነገር የለም፤ ግን ፊዚክስ የሚማሩ ልጆች ሲያልሙት ደስ ይለኛል። እኔ ዕድሜዬን የፈጀሁት በውሃ ልኬት ሥራ ነው። ውስጡ ምን ቢቀመጥ እንደምወድ ልንገራችሁ።

መጀመሪያ የአቶም ሰዓት ይግባ። እ.ኤ.አ. ከ1967 ጀምሮ ሰከንድ የሚለካው በሲዚየም አቶም 9,192,631,770 ንዝረት ነው። አንስታይን እንዳስተማረው ከፍ ባላችሁ ቁጥር ጊዜ በጥቂቱ ይፈጥናል። ጣና ከባሕር ጠለል በላይ 1,800 ሜትር ገደማ ነው። ስለዚህ እዚህ ያለ ሰዓት ጅቡቲ ወደብ ላይ ካለው በቀን 17 ናኖ ሰከንድ ያህል ይቀድማል። ናኖ ሰከንድ የሰከንድ ቢሊዮንኛ ነው። ይህን ግን አንድ ሰዓት ብቻውን አያሳያችሁም። ሁለት ሆነው መነጻጸር አለባቸው።

ቀጥሎ ደለል ይምጣ። ተመራማሪዎች ከሐይቁ ወለል በቱቦ ያወጡት ደለል ጣና ከዛሬ 17 ሺህ ዓመት ገደማ በፊት ደርቆ እንደነበር አሳይቷል። ይህ ሁሉ ውሃ! ባሰብኩት ቁጥር ይገርመኛል።

ለእኔ ዋናው ዕቃ ግን ውሃው ዳር የቆመው የውሃ ከፍታ መለኪያ ዘንግና ቁጥሩ የሚጻፍበት ደብተር ነው። ጠዋት 12 ሰዓትና ማታ 12 ሰዓት ሄዳችሁ ታነባላችሁ። ቀላል ይመስላል። ንፋስ ሲነሳ ግን ማዕበሉ ዘንጉ ላይ ይወጣል፣ ይወርዳል። ጎንበስ ብላችሁ ትጠብቃላችሁ። የወጣበትንም የወረደበትንም አይታችሁ መሃሉን ትይዛላችሁ። ከላይ ቁልቁል ካያችሁት ቁጥሩ ይሳሳታል፤ ዓይናችሁ ከውሃው ጋር እኩል ይሁን። ከዚያ እዚያው ቆማችሁ ጻፉ። ቤት ስገባ እጽፈዋለሁ ማለት አይሠራም።

የትናንቱ ቁጥር ዛሬም ሲደገም ሰው ይሰለቻል። ያኔ ነው መጠንከር። አንድ ቀን ካመለጣችሁ በግምት አትሙሉት። ባዶውን ተዉትና አጠገቡ ምክንያቱን ጻፉ፦ ታምሜ፣ ለቅሶ ሄጄ፣ ጎርፍ መንገድ ዘግቶ። ከእናንተ በኋላ የሚመጣው ሰው ባዶውን ያከብረዋል፤ የተገመተውን ቁጥር ግን አምኖ ይሳሳታል።

በ1995 ዓ.ም. ሰኔ ላይ ጣና ክፉኛ ወረደ። ጀልባዎች መሄድ አቃታቸው። ገበሬው የደረቀውን ዳርቻ አረሰ። ዝናብ አጥሮ ነው የሚልም ነበር፣ ለኤሌክትሪክ ብዙ ውሃ ተለቆ ነው የሚልም ነበር። ነገሩ ሲጠና ሁለቱም እውነት ሆኖ ተገኘ። ይህ የታወቀው ለዓመታት ጠዋት ማታ የተጻፉ ቁጥሮች ስለነበሩ ነው። የጻፏቸውን ሰዎች ስም ማንም አያነሳም። እኔ ግን ባለውለታዎቻችን ናቸው እላለሁ።

ስለዚህ ልጆቼ፣ ጣቢያው እስኪሠራ አትጠብቁ። ቅርባችሁ ያለ አንድ ነገር ምረጡ። እምቦጩ ከሰፈራችሁ ዳርቻ ምን ያህል ርቆ እንደቆመ ሊሆን ይችላል። ግቢያችሁ ውስጥ የጣለው ዝናብም ይሆናል። የማይነቃነቅ ድንጋይ ፈልጉና ሁልጊዜ ከእሱ ለኩ፤ መነሻው ከተንቀሳቀሰ ልፋታችሁ ሁሉ ገደል ገባ። ስልክ ካላችሁ ከአንድ ቦታ፣ በአንድ ሰዓት ፎቶ አንሱ። ቀኑ በእኛ አቆጣጠር ይሁን በፈረንጆቹ በግልጽ ጻፉ፤ 1 ሰዓት ስትሉም የጠዋቱን ይሁን የማታውን ለዩ። ጳጉሜንም አትዝለሏት።

አንድ ነገር ልጨምር። ነገ ሥራ ወይም ትምህርት ወደ ሌላ ከተማ ይወስዳችኋል። ደብተሩን የሚረከብ ታናሽ እህት ወይም የሰፈር ልጅ ከአሁኑ ፈልጉ። ዝም ብላችሁ አታስረክቡ። የእናንተና የእሱ ንባብ እስኪገጥም ድረስ ለጥቂት ሳምንታት አብራችሁ ለኩ።