ጊዜን የሚያዛቡ ዕቃዎች፦ ጠየቃችሁ፣ መለስኩ

በምንጽፈው ፋንታሲ ውስጥ ጊዜን ስለሚያቆሙ፣ ስለሚመልሱና ስለሚያስሮጡ ምትሃታዊ ዕቃዎች ጠይቁኝ ብዬ ነበር። ጥያቄው ከመላው ጎጃም መጣ። ጠያቂውን በከተማው እጠራዋለሁ። ከመጀመሬ በፊት ግን አንድ ነገር፦ የዕቃውን ዋጋ ሳትወስኑ ኃይሉን አትጻፉ። ደጋግሜ ስለምለው ከአሁኑ ልመዱት።

ከቡሬ፦ የኔታ፣ ከጊዜ ዕቃዎች ሁሉ ኃይለኛው የቱ ነው?

በማን ዓለም ውስጥ? አንተ በፈጠርከው ዓለም ኃይለኛው አንተ ኃይለኛ ያደረግከው ነው። ቀጥሎ።

ከፍኖተ ሰላም፦ ጀግናዬ የአሸዋ ሰዓት አላት። ስትገለብጠው አንድ ቀን ወደ ኋላ ትመለሳለች። አንባቢዎቼ ግን ታሪኩ አልያዘንም አሉኝ። ምን ጎደለው?

ዋጋ። ስትገለብጠው ምን ታጣለች? ምንም ካላጣች በተሸነፈች ቁጥር ትገለብጠዋለች፤ አንባቢውም ሁለተኛው ምዕራፍ ላይ ለእሷ መስጋቱን ይተዋል። በገለበጠችው ቁጥር ትንሽ አሸዋ ይፍሰስና አይመለስ። መጨረሻ ላይ ጥቂት ፍሬ ብቻ ሲቀራት እጇ ሲንቀጠቀጥ እናያለን።

ከደብረ ማርቆስ፦ የኔታ፣ ሁሉም ነገር የፈረንጅ የአሸዋ ሰዓት ሆነብኝ። እኛው ዘንድ ከሚነገረው ታሪክ ጊዜ የሚያቆም ነገር የለም?

ይህን ጥያቄ ስጠብቅ ነበር። የአቤሜሌክን የበለስ ቅርጫት እንዴት ረሳችሁት? አቤሜሌክ ኢትዮጵያዊ ነው፤ ኤርምያስን ከጉድጓድ ያወጣው። ኤርምያስ በለስ እንዲያመጣ ላከው። ለቅሞ ሲመለስ ፀሐይ በረታበትና ከዛፍ ጥላ ሥር ጋደም አለ። 66 ዓመት ተኛ። ሲነቃ ራሱን ከብዶታል፤ ትንሽ ያሸለበው ነው የመሰለው። ኢየሩሳሌም ሲገባ መንገዱም ሰዉም ጠፋበት። አንድ ሽማግሌ አግኝቶ ቢጠይቅ ሕዝቡ ወደ ባቢሎን ከተማረከ 66 ዓመት እንደሆነው ነገሩት። አላመነም። ቅርጫቱን ገልጦ በለሱን አሳያቸው፤ አሁን እንደተቀጠፈ ወተቱ ይንጠባጠባል። ወቅቱ ደግሞ የበለስ ወቅት አይደለም።

አያችሁ? መብረቅ የለም፣ የሚያበራ ድንጋይ የለም። ጊዜ መቆሙን የምናውቀው በበለስ ወተት ነው። ዋጋም አለው፤ የሚያውቃት ከተማ የለችም። እናንተ በሦስት ገጽ ጭስና ነጎድጓድ የማትነግሩኝን አንድ ቅርጫት ነገረኝ።

ከሞጣ፦ ይቅርታ የኔታ፣ ይሄ ተአምር ነው እንጂ ምትሃት አይደለም። ቅዱሱን ታሪክ ከፋንታሲ ጋር ባናደባልቀው?

ከቢቸና፦ ማን አደባለቀ? አተራረኩን ተማሩ ነው ያሉት።

ከሞጣ፦ እንዲያማ ከሆነ ነገ የሕዝቅያስንም ጥላ ታመጣላችሁ።

ከቢቸና፦ እሱማ ግሩም ነው! በአካዝ ደረጃ ላይ ጥላው 10 ደረጃ ወደ ኋላ ተመለሰ፤ ለንጉሡም 15 ዓመት ዕድሜ ተጨመረለት። ከዚህ በላይ የጊዜ ዕቃ ምን አለ?

ከሞጣ፦ ደረጃው ኃይል የለውም። ምልክት ነው።

ከቢቸና፦ ዲማ ቅኔ ቤት ያደረ ሰው ሰሙን ከወርቁ ለይቶ ይሰማል፣ ወንድሜ።

ከሞጣ፦ ዋሸራስ ያደረ ምን ይሰማል? ጆሮ የለውም ልትል ነው?

ኧረ በቃችሁ! ሞጣ እውነቱን ነው፤ ደረጃው ምልክት ነውና ስሙን ወስዳችሁ ለጠንቋይ ገጸ ባሕርይ አትስጡ። ቢቸናም አልተሳሳተም፤ አተራረክ መማር ይቻላል። ዲማንና ዋሸራን ግን እዚህ አታምጡብኝ። ያ ክርክር ከተጀመረ አይነጋም።

ከዳንግላ፦ ኃይለኛው የጊዜ ዕቃ የቱ ነው?

ለቡሬ የመለስኩትን አንብብ።

ከባሕር ዳር፦ ዜልዳ ጌም ላይ ሰባት ዓመት የሚያሻግረው ኦካሪናው፣ ያ በአፍ የሚነፋው የሙዚቃ መሣሪያ፣ ነው ወይስ ሰይፉ?

ሰይፉ። በፈረንጆቹ 1998 በወጣው ጌም ልጁ ሰይፉን ከተሰካበት ሲነቅል 7 ዓመት ያልፈዋል፤ መልሶ ሲሰካው ልጅ ይሆናል። ኦካሪናው በሩን ለማስከፈት ነው። ጌም ላይ አልቆይም።

ከደጀን፦ ጀግናው ወደ ኋላ ሄዶ አያቱን ቢገድልስ?

ምን በደሉት?

ከመርዓዊ፦ ጊዜ የሚያስሮጥ ዕቃስ አለ?

የጃፓኖቹን ሣጥን እይ። ኡራሺማ የሚባል ዓሣ አጥማጅ ከባሕር ሥር ቤተ መንግሥት ሲመለስ ሣጥን ተሰጠው፤ እንዳትከፍት ተባለ። አገሩ ሲደርስ የሚያውቀው ሰው ሁሉ አልቋል። ጨንቆት ከፈተው። ወዲያው አረጀ። እዚያ ዋጋው ሣጥኑ ውስጥ ተቀምጦ ይጠብቀው ነበር።

ከአዴት፦ ዕቃዬ በስንት ጊዜ አንዴ ብቻ እንዲሠራ ፈልጌ ነበር። ሙሉ ጨረቃ ስትወጣ ላድርገው?

ሙሉ ጨረቃማ በየወሩ ትወጣለች፣ እቴ! የቤተ ክርስቲያናችን የዘመን ቆጠራ፣ ባሕረ ሐሳብ፣ እያለልሽ ለምን ትቸገሪያለሽ?

ዕቃው ጳጉሜን 6 ብቻ ይሥራ። ጳጉሜን 6 የምትሆነው በዘመነ ሉቃስ ማብቂያ፣ በ4 ዓመት አንዴ ነው። 2015 ላይ ነበረች፤ ቀጥላ 2019 ላይ ትመጣለች። ያቺ ቀን ያመለጠችው ሰው ዮሐንስን፣ ማቴዎስንና ማርቆስን አሳልፎ ሉቃስ እስኪያልቅ ይጠብቃል። ረዘም ያለ ከፈለግሽ 532 ዓመት አለልሽ። የፀሐይ ዑደት 28 ዓመት በጨረቃ ዑደት 19 ዓመት ሲባዛ ነው፤ ዐቢይ ቀመር ይባላል። በዓላትና አጽዋማት ዕለታቸውን እንደያዙ ተመልሰው ይገጥማሉ። ለተቀበረ ጠላት ከዚህ የተሻለ ቀጠሮ አላውቅም።

አጭርም አለ። አንድ ዕለት 60 ኬክሮስ ነው፤ አንዱ ኬክሮስ በእጅ ሰዓታችን 24 ደቂቃ። እሱም 60 ካልዒት፣ ካልዒት 60 ሣልሲት እያለ እስከ ሳድሲት ይወርዳል። እስኪ አስቢው፦ አንድ አዛውንት መቋሚያቸውን መሬት ሲመቱ ከጎረቤት አንድ ኬክሮስ ይወስዳሉ። ሴትዮዋ ሽንኩርት ጥዳ ዞር እንዳለች ቤቱ በጭስ ታፍኗል፤ ድስቱ ከስሏል። አሁን ነው የጣድኩት ብላ ትምላለች። አዛውንቱ ግን ጉልበታቸው እየጠና ነው። ታዲያ እሳቸው ምን ይከፍላሉ? እሱን አንቺ ወስኚ። ብቻ ወስኚ!

ከእንጅባራ፦ ደብተራ በአስማት ጊዜ ያቆማል የሚባለው እውነት ነው?

ስለ ጽሑፍ ጠይቁኝ።

ከደንበጫ፦ ስለ ጊዜ ዕቃ ትንሽ ቢያብራሩልን?

እስካሁን ምን ሳደርግ ነበር? ከላይ ጀምረህ አንብብ።

ከቡሬ፦ እሺ፣ ልለውጠው። አንዱ ጊዜን ሲያቆም፣ ሌላው ሲያስሮጥ፣ ሁለቱ ቢገጥሙስ?

አሁን ጠየቅህ። ማን ያሸንፋል ብለህ አትጀምር። ሁለቱም ባለቤቶች የሚከፍሉትን ጻፍ፤ አንደኛው ልጁን የሚያስታውስበትን ትዝታ ይከፍላል እንበል፣ ሌላው ዕድሜውን። ከዚያ ማን ቀድሞ መክፈል እንደሚያቅተው እይ። ጽፈህ ላክልኝ፣ አነበዋለሁ። አያቱን የሚገድል ካለበት ግን አትላክ።